«ሦስተኛ ወገን» ማን ነው?

በድሬዳዋ ከከዚራ ወደ መጋላ በሚመላለሱት ባጃጆች የፊት መስታወት ላይ የሦስተኛ ወገን መድን ምልክት ተለጥፎ ይታያል። ብዙ ሰው ግን ስያሜውን ሲሰማ ከጉዳዩ ውጭ ያለ፣ ምናልባት ለምስክርነት የሚጠራ ሰው ይመስለዋል፤ ስያሜው ራሱ ያሳስታል ማለት ይቻላል። በመድን ውሉ አንደኛው ወገን ባለንብረቱ፣ ሁለተኛው መድን ሰጪው ኩባንያ ሲሆኑ፣ ሦስተኛው በውሉ ላይ ፊርማው ባይኖርም በተሽከርካሪው የተጎዳው ሰው ነው። ደቻቱ ድልድይ አጠገብ ዘንቢላቸውን ይዘው ሲሻገሩ ባጃጅ የገጫቸው እናት፣ ሦስተኛዋ ወገን እሳቸው ራሳቸው ናቸው።

ጉዳዩን የሚገዛው አዋጅ ቁጥር 799/2005 ነው። ገጭቶ ያመለጠው ተሽከርካሪ ማንነት ባይታወቅ እንኳ ተጎጂው ከመድን ፈንድ ካሳ የሚያገኝበትን መንገድ አስቀምጧል።

ይበልጥ የሚያደናግረው የገንዘቡ ጣሪያ ነው። የመድኑ ጣሪያ ኩባንያው የሚከፍለውን መጠን ይወስናል እንጂ የባለንብረቱን ኃላፊነት አይዘጋም፤ በ1952 የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 2081 የተሽከርካሪ ባለቤት ጥፋት ባይኖርበትም መኪናው ላደረሰው ጉዳት ኃላፊ እንደሚሆን ስለሚደነግግ፣ ከጣሪያው የሚያልፈው ጉዳት ከእሱ ሊጠየቅ ይችላል። ክሱ ግን በአንቀጽ 2143 መሠረት ጉዳቱ ከደረሰ በሁለት ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት። ስለዚህ ሽማግሌዎች ለዕርቅ ሲቀመጡ «ከእንግዲህ ምንም አልጠይቅም» የሚል ወረቀት ቢቀርብ፣ የሕክምናው ውጤት ሳይታወቅ መፈረም አይገባም።