ሱዞ ቼኪ ዳሚኮ እና የጣሊያን ስክሪፕት፦ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ሱዞ ቼኪ ዳሚኮ (1914–2010 እ.ኤ.አ.) ለሲኒማና ለቴሌቪዥን ከ100 በላይ ሥራዎች ላይ የጻፈች ጣሊያናዊት ናት። ፊልሞቹ የሚታወቁት ግን በዳይሬክተሮቹ ስም ነው። ስለ ሥራዋ የሚነገሩት ስሕተቶች ብዙዎቹ ከዚያ የመጡ ናቸው።

«“የብስክሌት ሌቦች” ስክሪፕት አልነበረውም»

ይህ የሚባለው የ1948ቱ ፊልም ሮም ጎዳና ላይ ስለተቀረጸና መሪ ተዋናዩ ላምቤርቶ ማጆራኒ የፋብሪካ ሠራተኛ ስለነበረ ነው። በጸሐፊነት ግን ሰባት ሰዎች ተመዝግበዋል፤ ሱዞና ቼዛሬ ዛቫቲኒ ከነሱ መካከል ናቸው። መጨረሻውን ልብ ብላችሁ እዩት። አባትየው የተሰረቀ ብስክሌቱን ፈልጎ ፈልጎ አጥቶ ስታዲየም አጠገብ ቆሟል። የኳስ ተመልካቹ ብስክሌት በረድፍ ተደርድሯል፤ ወዲያ ማዶ ደግሞ አንድ ብስክሌት ብቻውን በር ላይ ተደግፏል። ለልጁ የትራም ሳንቲም ሰጥቶ ይሸኘውና ይሰርቃል፤ ይያዛል። ልጁ ትራሙ አምልጦት ሁሉንም ያያል። ሐሳቡ የሱዞ እንደነበረ ይነገራል። ይህ ትዕይንት ባይኖር አባትየው ተበዳይ ብቻ ሆኖ ይቀር ነበር፤ ርዕሱም «ሌቦች» ብሎ ማብዛቱ ትርጉም ያጣል።

«ስክሪፕት ጸሐፊ ማለት ምልልስ የሚጽፍ ነው»

ምልልስ የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው። መጀመሪያ ታሪኩ በጥቂት ገጽ ይጻፋል፤ ጣሊያኖች «ሶጄቶ» ይሉታል። ቀጥሎ «ትራታሜንቶ» አለ፤ ታሪኩ ትዕይንት በትዕይንት ይተረካል፣ ንግግር እምብዛም የለበትም። ሙሉው ስክሪፕት፣ «ሼኔጃቱራ»፣ የሚጻፈው ከዚያ በኋላ ነው። በቆየው አጻጻፍ ገጹ ለሁለት ይከፈላል፦ በግራ የሚታየው፣ በቀኝ የሚሰማው። ቀኙ ሞልቶ ግራው ባዶ ከሆነ ትዕይንቱ ወሬ ሆኗል ማለት ነው። ትራታሜንቶውን ዘሎ ወደ ምልልስ የሮጠ ሰው የታሪኩን ቀዳዳ የሚያገኘው ቀረጻ ላይ፣ ገንዘብ ከፈሰሰ በኋላ ነው።

«የዳይሬክተር ሉኪኖ ቪስኮንቲ ጸሐፊ ብቻ ነበረች»

አይደለችም። በ1958 ከሌላ ዳይሬክተር፣ ከማሪዮ ሞኒቼሊ ጋር በጻፈችው ኮሜዲ ሌቦቹ የተሳሳተ ግድግዳ ሰርስረው ማድ ቤት ይገባሉ፤ ተቀምጠውም ፓስታ በሽምብራ ይበላሉ።

«ቴሌቪዥን የወረደ ሥራ ነው»

የፍራንኮ ዜፊሬሊ «የናዝሬቱ ኢየሱስ» በ1977 በፋሲካ ሰሞን የታየው በቴሌቪዥን ነው፤ ከስድስት ሰዓት በላይ ይረዝማል። ከአንቶኒ በርጀስና ከዜፊሬሊ ጋር የጻፈችው እሷ ናት።

«ልብ ወለድን ወደ ፊልም መመለስ ማሳጠር ነው»

ከልብ ወለድ በተሠራው በ1963ቱ ፊልም «ኢል ጋቶፓርዶ» ላይ እሷን ጨምሮ አምስት ጸሐፊዎች ሠርተዋል። መጽሐፉ ዋናው ገጸ ባሕርይ፣ ልዑሉ፣ እስኪሞት፣ ከዚያም አልፎ እስከ 1910 ይዘልቃል። እነሱ ያን ሁሉ ትተው ፊልሙን በ1862ቱ የዳንስ ግብዣ ጨረሱት። ግብዣውን ግን አላሳጠሩትም፤ ሦስት ሰዓት ገደማ ከሚፈጀው ፊልም 45 ደቂቃ ያህሉን ሰጡት። የቀረው ሞት እዚያው ውስጥ ገብቷል፦ ልዑሉ በሞት አልጋ ላይ ያለ ሰው የተሣለበትን ሥዕል ትክ ብሎ ያያል፣ መስታወት ፊት ያነባል። ሲነጋም ለሚሞት ሰው ቅዱስ ቁርባን ይዞ የሚያልፍ ቄስ አይቶ መንገድ ላይ ይንበረከካል።