መቶ አለቃ ስንት ሰው ያዛል? የመኮንን ማዕረግና የጦር ክፍል፣ ከሐረር ሲታይ

መቶ አለቃ መቶ ሰው አያዝም። ሃምሳ አለቃም ሃምሳ ሰው አይመራም። ሻለቃ ስሙ "የሺ አለቃ" ማለት ነው፤ ከሥሩ ያለው ሰው ግን ብዙ ጊዜ ሺ አይሞላም። የማዕረግ ስሞቻችን ቁጥር ተሸክመው ይዞራሉ፤ ቁጥሩ ግን ካረጀ ቆይቷል።

ሐረር ተወልዶ ያደገ ሰው የወታደር ማዕረግን ከፊደል ጋር አብሮ ነው የሚማረው። ጎረቤት በስሙ ሳይሆን በማዕረጉ ይጠራል። "ሃምሳለቃ ቤት ሂድና መዶሻ አምጣ" ይባላል፤ ልጁ የሰውዬውን ስም ሳያውቅ ያድጋል። ማን ከማን እንደሚበልጥም በጊዜ ይለያል። ማን ስንት ሰው እንደሚያዝ ግን ጡረተኞቹን ካልጠየቁ በቀር ግልጽ አይደለም።

ከታች እንጀምር። ትንሿ ክፍል ጓድ ናት፤ ከ8 እስከ 12 ሰው ትይዛለች። የምትመራው በአስር አለቃ ወይም በሃምሳ አለቃ ነው። እዚህ ላይ እንኳ አስር አለቃ ስሙን ያከብራል፤ አስር ሰው አካባቢ ይዟል። ሦስት ወይም አራት ጓድ ተሰብስቦ "መቶ" የሚባል አንድ ክፍል ይሆናል፤ 30 ወይም 40 ሰው ማለት ነው። አዛዡ መቶ አለቃ ወይም ምክትል መቶ አለቃ ነው። መቶ የሚባለው ክፍል መቶ የማይሞላበት ነገር ለአዲስ ምልምል ሁሌም ያስቃል።

እንዲህ ያሉ ሦስት የመቶ ክፍሎች ተሰብስበው አንድ ሻምበል ይሆናሉ። ሻምበሉ ከ100 እስከ 200 ሰው ይይዛል፤ አዛዡም ሻምበል ይባላል። ሦስት ሻምበል፣ ከከባድ መሣሪያና ከስንቅ ክፍሉ ጋር፣ አንድ ሻለቃ ይሆናል፤ ከ500 እስከ 800 ሰው። አዛዡ ሻለቃ ወይም ሌተና ኮሎኔል ነው። ልብ በሉ፣ ሻምበልና ሻለቃ የሰውም የክፍልም ስም ናቸው። "ሻለቃው ዛሬ ይንቀሳቀሳል" ቢባል አንድ ሰው ይሁን ስድስት መቶ ሰው ከአነጋገሩ ብቻ አይለይም።

ለምን ሦስት ሦስት ሆነ? ሁለቱ ፊት ሲሰለፉ አንዱ ከኋላ ተጠባባቂ ይሆናል። ደግሞም አንድ አዛዥ በተኩስ መሃል ድምፃቸውን ለይቶ፣ ትእዛዝ ሰጥቶ፣ ውጤቱን የሚከታተላቸው የበታች አዛዦች ከሦስት እስከ አምስት ቢሆኑ ነው። ሻለቃው 600ውን ሰው አያዝም፤ የሚያዘው ሦስት ሻምበሎችን ነው። እነሱ ደግሞ ሦስት ሦስት መቶ አለቃ ያዛሉ። ከላይ እስከ ታች እንዲህ ይወርዳል።

ከሻለቃ በላይ ስሙ ብዙ ጊዜ ወደ ፈረንጅ ይሄዳል፤ ቁጥሩም ያድጋል። ብርጌድ በኮሎኔል ይመራል፤ ሦስት አራት ሻለቃ ይዞ ወደ ብዙ ሺ ያድጋል። በቅርብ ዓመታት ሬጅመንት የሚለው ስምም በዜና ይሰማል። ከዚያ ክፍለ ጦር ይመጣል፤ በብዙ አገር 10 ሺና ከዚያ በላይ ነው፣ እኛ ዘንድ ግን ከዚያ ሊያንስ ይችላል። አዛዡ ኮሎኔል ወይም ጄኔራል ነው። ከክፍለ ጦር በላይ ኮር፣ ከኮር በላይ ዕዝ አለ። ዕዝን ብዙውን ጊዜ ሌተና ጄኔራል ይመራዋል።

መኮንኖቹ ራሳቸው በሦስት ይከፈላሉ። ከምክትል መቶ አለቃ እስከ ሻምበል ያሉት መስመራዊ መኮንኖች ናቸው። ሻለቃ፣ ሌተና ኮሎኔልና ኮሎኔል ከፍተኛ መኮንን ይባላሉ። ከዚያ ብርጋዴር ጄኔራል፣ ሜጀር ጄኔራል፣ ሌተና ጄኔራል፣ ጄኔራል። ከሁሉም በላይ ፊልድ ማርሻል አለ፤ ይህን ማዕረግ አፄ ኃይለ ሥላሴ ይዘውት ነበር፣ በ2014 ዓ.ም. ደግሞ ለጠቅላይ ኤታማዦር ሹሙ ለብርሃኑ ጁላ ተሰጠ። (ኤታማዦር ከፈረንሳይኛ የመጣ ቃል ነው። ባሻ የሚለው የማዕረግ ስም ደግሞ የቱርኩ ፓሻ ነው። የጦር ቋንቋችን ብዙ አገር ዞሯል።) ከምክትል መቶ አለቃ በታች ያሉት ባለ ሌላ ማዕረግ ይባላሉ። አስር አለቃና ሃምሳ አለቃ እዚያ ናቸው። መኮንን አይደሉም፤ መቶው ግን ያለ እነሱ አይንቀሳቀስም። ከአካዳሚ ትናንት የወጣ ምክትል መቶ አለቃ አጠገቡ አሥራ አምስት ዓመት ያገለገለ ሃምሳ አለቃ ካለ፣ ብልህ ከሆነ ትእዛዝ ከመስጠቱ በፊት ፊቱን ያየዋል።

አካዳሚ ስንል የሐረሩ ሳይነሳ አይቀርም። የሐረር ጦር አካዳሚ በ1950 ዓ.ም. አካባቢ በህንድ መኮንኖች አስተማሪነት ተቋቋመ። ዕጩ መኮንኖች ሦስት ዓመት ተምረው ምክትል መቶ አለቃ ሆነው ይወጡ ነበር። የሆለታው ገነት ጦር ትምህርት ቤት ግን ከጣሊያን ወረራ በፊት ጀምሮ ነበረ፤ ያን ጊዜ የስዊድን መኮንኖች ያስተምሩበት ነበር። የሁለቱ ምሩቃን እርስ በርስ በፉክክር ይተያዩ ነበር። የሐረሩ "ብዙ ተማርኩ" ይላል፣ የሆለታው "ከወታደሩ ጋር አደግኩ" ይላል። አብዮቱ ከፈነዳ ከጥቂት ዓመት በኋላ የሐረሩ ተዘጋ።

ከተማዋ አካዳሚ ብቻ አልነበራትም። በንጉሡ ዘመን ሠራዊቱ አራት ክፍለ ጦር ነበረው፤ አንደኛው ክብር ዘበኛ ነው፣ ሁለተኛው አሥመራ ነበር፣ አንበሳው የሚባለው ሦስተኛ ክፍለ ጦር መቀመጫው ሐረር ነበር። እስከ ኦጋዴን ጫፍ ያለው ድንበር የሱ ነው። በ1956 ዓ.ም. ከሶማሊያ ጋር በድንበር ሲዋጋ አዛዡ ጄኔራል አማን አንዶም ነበሩ። ስማቸው በወታደሩ ዘንድ የገነነው ያኔ ነው።

ከአሥር ዓመት በኋላ ያው ክፍለ ጦር ሌላ ሰው ወደ አዲስ አበባ ላከ። ደርግ ሲቋቋም ከየክፍሉ የተወከሉት ከሻለቃ በላይ አልነበሩም፤ ከተራ ወታደር እስከ ሻለቃ ብቻ። ከሦስተኛ ክፍለ ጦር የሄዱት ሻለቃ መንግሥቱ ኃይለ ማርያም ነበሩ፤ የሆለታ ምሩቅ። በኋላ ሌተና ኮሎኔል ሆኑ፣ እዚያው ማዕረግ ላይም ቆሙ። ሌተና ኮሎኔል በደንቡ ሻለቃ ጦር ነው የሚመራው። እሳቸው ግን እስከ 1983 ዓ.ም. ጄኔራሎችን አዘዙ። ማዕረግና ሥልጣን ምን ያህል ሊራራቁ እንደሚችሉ ከዚህ የበለጠ ምሳሌ አላውቅም። በዚያ ዘመን ጓድ የሚለው ቃልም ሁለት ሥራ ያዘ። አንዱ አሥር ሰው የሚይዘው ክፍል፣ ሌላው "ጓድ ሊቀመንበር"።

በ1969 ዓ.ም. የሶማሊያ ጦርነት ሲመጣ የማዕረጉ ሰንጠረዥ በተግባር ተፈተነ። በነሐሴ የሶማሊያ ጦር ድሬዳዋን ሊይዝ መጥቶ አልተሳካለትም። ሐረር ግን ለወራት ተከባ ቆየች። የካቲት 26 ቀን 1970 ዓ.ም. ካራማራ ላይ ድል ሆነ፤ ጅጅጋም ተመለሰች። ከዚያ በኋላ በሐረር አንድ ክፍለ ጦር ብቻ መቀመጡ ቀረ። አንደኛ አብዮታዊ ሠራዊት የሚባል፣ ብዙ ክፍለ ጦሮችን የሚያዝ መምሪያ እዚህ ተተከለ። ዛሬ ደግሞ የምስራቅ ዕዝ ዋና መምሪያ እዚሁ ነው። ከተማዋ ባለችበት ሆና ማዕረጓ ከፍ አለ ማለት ይቻላል።

ድሬዳዋ ስትወርዱ ሒሳቡ ይገለበጣል። በደንገጎ ቁልቁለት ሃምሳ ምናምን ኪሎ ሜትር ነው፤ ከታች አየር ምድብ አለ። አየር ኃይል ከምድር ጦሩ ጋር አንድ ዓይነት የማዕረግ ስም ይጠቀማል። ሐረር ያለው የእግረኛ ሻምበል ጠዋት ከመቶ በላይ ሰው ተሰልፎ ይጠብቀዋል። ድሬዳዋ ያለው አብራሪ ሻምበል የሚጠብቀው አንድ አውሮፕላን ነው። ማዕረጉ እኩል፣ ደመወዙ እኩል ሊሆን ይችላል፣ የሚያዘው ሰው ግን አይገናኝም። እዚያ ማዕረግ የሚቆጥረው ሰው ሳይሆን ሙያ ነው። ሐኪም ኮሎኔልም እንዲሁ ነው። አትሌቶቻችንማ ግልጽ ናቸው። ሻምበል አበበ ቢቂላ፣ ሻለቃ ኃይሌ ገብረ ሥላሴ፣ ኮሎኔል ደራርቱ ቱሉ፤ ብርጌድ ይመሩ እንደሆነ የጠየቀ የለም።

ከዚህ ሁሉ በፊት ደግሞ ማዕረግ ቁጥርንም ሙያንም አይናገርም ነበር። የሚናገረው ቦታን ነው። ቀኛዝማች በቀኝ፣ ግራዝማች በግራ ይሰለፋል። ፊታውራሪ ፊት ይቀድማል። ደጃዝማች በደጁ፣ ማለትም በንጉሡ ድንኳን አካባቢ ያለው ነው። የሠራዊቱ ካርታ በስማቸው ውስጥ አለ። ራስ መኮንን ከሐረር ተነስተው አድዋ ሲዘምቱ 15 ሺ ያህል ጦር መርተዋል ይባላል። በዛሬው ቋንቋ ይህ ሙሉ ክፍለ ጦር ነው፣ ከነትርፉ። አዛዡ ግን ኮከብ አልደረቡም፤ ራስ ብቻ ነበሩ።

እኛ ሰፈር እድር አለ። ሰብሳቢው ጡረተኛ ሃምሳ አለቃ ናቸው። አንድ ጡረተኛ ኮሎኔልም አባል ናቸው፤ ወር በወር መዋጮ ይከፍላሉ፣ ሲያረፍዱ ይቀጣሉ። ለቅሶ ሲሆን ድንኳኑን የሚያስተክሉት ሃምሳ አለቃው ናቸው። ኮሎኔሉ ካስማ ይይዛሉ፤ "ጠበቅ ያድርጉት እንጂ ኮሎኔል!" ሲባሉም ጠበቅ ያደርጉታል።