ሰልፉን የሚያስተካክለው ማነው? ኤምኢቪ ሲባል

ኢቴሪየም በሚባለው የክሪፕቶ ኔትወርክ ላይ ቶከን (ዲጂታል ንብረት) ለመግዛት «ስዋፕ» (ለውጥ) ስትሉ ትዕዛዛችሁ ወዲያው አይፈጸምም። ብዙ ጊዜ መጀመሪያ ሜምፑል የሚባል መጠበቂያ ውስጥ ይገባል፤ እዚያ ማንም ያየዋል። በየ12 ሴኮንዱ አንድ ቫሊዴተር (የኔትወርኩ አረጋጋጭ) ተራ ይደርሰውና ቀጣዩን ብሎክ፣ ማለትም የትዕዛዞች ጥቅል፣ ያቀርባል። ማን ይቅደም፣ ማን ይከተል የሚለው በእሱ እጅ ነው። ቀድሞ የመጣ ቀድሞ ይስተናገድ የሚል ሕግ የለም።

ጉዱ እዚህ ላይ ነው። ዩኒስዋፕ በሚባለው የቶከን መገበያያ ላይ በ10,000 ዶላር ልትገዙ ነው እንበል። ዋጋው እስከ 2 በመቶ ቢንሸራተትም ይሁን ብላችኋል፤ «ስሊፔጅ» የሚሉት ነው። አንድ ቦት (በራሱ የሚገበያይ ፕሮግራም) ይህን አይቶ ከፊታችሁ ይገዛል። ዋጋው ይወጣል። እናንተ በውዱ ትገዛላችሁ፣ ዋጋው ይብሱን ይንራል። ቦቱ ወዲያው ከኋላችሁ ይሸጣል። ወደ 200 ዶላር ሊበላችሁ ይችላል። መሀል ገብታችሁ ተበላችሁ፤ ስሙም ሳንድዊች ነው።

ቫሊዴተሩ ራሱ ብዙ ጊዜ እንዲህ አይለፋም። ቦቶቹ ከትርፋቸው ቆርሰው ብሎኩን ለሚያዘጋጁት ይከፍላሉ፣ እነዚያም ለእሱ። ጉቦ ይመስላል፤ የኔትወርኩን ሕግ ግን አይጥስም። ሰልፉን በማስተካከል የሚገኘው የዚህ ሁሉ ትርፍ ጥቅል ስም ኤምኢቪ («ማክሲማል ኤክስትራክተብል ቫልዩ») ነው። «ኤም» ድሮ ማይነር (ያኔ ብሎኩን የሚሠራው) ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ2022 ማይኒንግ ከቀረ ወዲህ «ማክሲማል» ይሉታል።

ስሊፔጁን ዝቅ ማድረግ ይረዳል። በጣም ካወረዳችሁት ግን ግዢው ይከሽፋል፣ ጋዝ የሚሉት የኔትወርኩ አገልግሎት ክፍያ ደግሞ አይመለስም።