ደሴን ጣሊያን አልሠራትም

«ጣሊያን ትንሽ ቢቆይልን ኖሮ ደሴ የት በደረሰች!» ይህችን ነገር ታክሲ ውስጥ፣ ሠርግ ቤት፣ ለቅሶ ድንኳን ውስጥ ሳይቀር ሰምቻታለሁ። ከሩቅ የመጣ እንግዳ ሲላት እታገሣለሁ። የደሴ ልጅ፣ ያውም እኔው ራሴ ክፍል ውስጥ ያስተማርኩት፣ ሲላት ግን ደሜ ይፈላል። 34 ዓመት ታሪክ አስተምሬ ጡረታ ወጥቻለሁ፤ ዛሬም እንግዳ ሲመጣ ከተማዋን እያዞርኩ አሳያለሁ። ደጋግሜ ከምሰማቸው ስህተቶች ቀላል ቀላሎቹን በቶሎ ልለፍና ወደ ሚያንገበግበኝ ልሂድ።

«ደሴ ማለት ደሴት ማለት ነው።» አይደለም። አካባቢው ቀድሞ ላኮ መልዛ ይባል ነበር። እንደሚተረከው ዐፄ ዮሐንስ 4ኛ እዚህ ሰፍረው ሳለ ጭራ ያለው ኮከብ ታያቸው፤ በዚያ ተደንቀው ቦታውን «ደሴ» አሉት፣ ደስታዬ ለማለት። ኮከቡ ተረት አይደለም፤ በ1875 ዓ.ም. መባቻ በዓለም ዙሪያ የታየ፣ በጠራራ ፀሐይ እንኳ የማይጠፋ ኮከብ ነበር።

«የቆረቆሯት ንጉሥ ሚካኤል ናቸው።» ግማሹ ልክ ነው። ስሙን ያወጡት ዮሐንስ ናቸው፤ መናገሻቸውን ከተንታ አምጥተው የጦር ሰፈሩን ከተማ ያደረጉት ግን ሚካኤል ናቸው።

«ወሎ ቆላ ነው፣ ደሴም ትሞቃለች።» ደሴ በጦሳ ተራራ ሥር፣ 2,500 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ነው ያለችው። ካፖርት ይዛችሁ ኑ። ሞቅ የምትለው ኮምቦልቻ ናት፤ የሀረጎን ቁልቁለት ተጠማዝዛችሁ ወርዳችሁ ቦርከና ወንዝ ዳር ስትደርሱ ያን ጊዜ ታወልቁታላችሁ።

አሁን ወደ ጣሊያኑ ልመለስ።

በቅርቡ አንድ ወጣት እንግዳ ይዤ አይጠየፍ አዳራሽ ሄድኩ። ንጉሥ ሚካኤል ግብር የሚያበሉበት፣ ባለጠጋውንም ድኻውንም አይጠየፍም ተብሎ ስም የወጣለት አዳራሽ ነው። ልጁ ግድግዳውን በመዳፉ እየዳበሰ፣ «ጋሼ፣ መቼም ጣሊያን ሲሠራ ለዘላለም ነው» አለኝ። በአድናቆት ነው የተናገረው፤ ክፋት የለውም። እኔ ግን ለአፍታ መልስ አጣሁ። የሚካኤልን አዳራሽ እየነካ ነው ለጣሊያን የሚሰጠው።

ዘመኑን በቅደም ተከተል እንየው። ግንቦት 23 ቀን 1906 ዓ.ም. ሚካኤል የወሎና የትግራይ ንጉሥ ተብለው ዘውድ የጫኑት እዚሁ ደሴ ነው። ጥቅምት 17 ቀን 1909 ዓ.ም. ሰገሌ ላይ ተሸንፈው ተማረኩ። ጌታው ሲወድቅ አብሮት የሚፈርስ ስንት ከተማ ነበር፤ ደሴ ግን አልፈረሰችም። ገበያው ቀጠለ፣ ነጋዴው አልሸሸም፣ በኋላም አልጋ ወራሽ አስፋ ወሰን ወሎን የገዙት ከዚሁ ተቀምጠው ነው።

ለተማሪዎቼ ሁሌ የማነሣው ግን ቀጣዩን ነው። ሐምሌ 26 ቀን 1920 ዓ.ም. ኢትዮጵያና ጣሊያን የወዳጅነት ውል ተፈራረሙ፤ ከውሉ ጋር ከአሰብ እስከ ደሴ የመኪና መንገድ እንዲሠራ ተስማሙ። እስከ ደሴ! ጣሊያን እዚህ ቆንስላ የከፈተውም ከወረራው በፊት ነው። ሰው ከባሕር ወደብ ተነሥቶ በረሃ አቋርጦ መንገድ ልዘርጋ የሚለው መድረሻው ላይ የሚፈልገው ገበያና ሕዝብ ሲኖር ነው።

ከዚያ ጦርነቱ መጣ። ኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም. የጣሊያን አውሮፕላኖች ደሴን በቦምብ ደበደቡ። ቀይ መስቀል የተሳለበት የአሜሪካ ሚሲዮን ሆስፒታል ሳይቀር ተመታ። ዐፄ ኃይለ ሥላሴ ከተማዋ ውስጥ ነበሩ፤ መትረየስ ይዘው ወደ ሰማይ ሲተኩሱ የሚያሳየው ፎቶ የተነሣው እዚሁ ነው። እንግዲህ «ሠራልን» የሚባለው ሰው መጀመሪያ የመጣው የነበረውን ሊያቃጥል ነው። ሚያዝያ 7 ቀን 1928 ገባ፤ ሚያዝያ 18 ቀን 1933 ከተማዋ ከእጁ ወጣች። 5 ዓመት ከ11 ቀን።

በዚያ ጊዜ ምንም አልሠራም አልልም። መንገድ አስፋልት አልብሷል፣ ድልድይ አቁሟል፣ ጥርብ ድንጋይ ቤቶች ትቷል፣ ፒያሳ የሚለውን ስም አውርሶናል። መንገዱ ግን ለጦር ካሚዮን ነው የተሠራው። የቆፈረውስ ማን ነው? አያቴ ሀረጎ ላይ ድንጋይ ይፈልጡ ነበር። የግራ አውራ ጣታቸው ጫፍ ጠፍጣፋ ነበር፤ መዶሻ አርፎበት ጥፍሩ ዳግመኛ አልበቀለም። ልጅ ሆኜ «አባባ፣ ምን ነክቶት ነው?» ስላቸው «መንገድ ነክቶት» ይሉኝ ነበር። አውቶቡስ ሀረጎን ሲወጣ እስከ ዛሬ ያቺ ጣት ትታየኛለች። መንገዱን ጣሊያን ሠራው የሚለኝ ሰው ያቺን ጣት ቢያያት ደስ ይለኝ ነበር።

ከተማዋን ማን እንደሠራት የሰፈሮቿ ስምም ይናገራል። ሸዋ በር ወደ ሸዋ መውጫው ነው። አረብ ገንዳ የየመን ነጋዴዎች የኖሩበት ነው፤ «ገንዳ» ራሱ ኦሮምኛ ነው፣ መንደር ማለት። እንዳ መድኃኔ ዓለም ስንል «እንዳ» ትግርኛ ነው። ሰኞ ገበያ የባላገሩ ነው። ፒያሳ ከእነዚህ ሁሉ መካከል አንዱ ስም ነው፤ ስለ ሌሎቹ የሚጠይቀኝ ሰው ግን አላገኝም።

ሁለተኛው የሚያስቆጣኝ ደግሞ ምስጋና መስሎ የሚመጣ ነው። «የወሎ ሰው ተፈጥሮው ፍቅር ነው፣ ሙስሊም ክርስቲያን አይልም።» ወዳጆቼ፣ ይላል። ሙስሊሙ ሙስሊም ነው፣ ክርስቲያኑም ክርስቲያን፤ ሁለቱም ሃይማኖታቸውን ጠንቅቀው ይይዛሉ። አብሮ መኖሩም በተፈጥሮ የወረደላቸው አይደለም። ከደሴ አፍንጫ ሥር ቦሩ ሜዳ ላይ በ1870 ዓ.ም. ዐፄ ዮሐንስ ጉባኤ አድርገው የክርስቲያኑን የሃይማኖት ክርክር ከቋጩ በኋላ የወሎ ሙስሊም እንዲጠመቅ ታዘዘ። ሚካኤል ራሳቸው ከዚያ በፊት ኢማም መሐመድ ዓሊ ነበሩ። የተሰደደ ተሰደደ፣ እንደ ሼኽ ጦልሃ ያለው ተዋጋ፤ ቀን ቤተ ክርስቲያን እየሳመ ሌሊት የሚሰግድም ነበር። ይህን ያህል ቁስል ያለበት ሕዝብ ነው አብሮ መኖርን የሠራው። ሠራው ነው የምለው፤ እንደ ቤት፣ እንደ እርሻ።

በምን ሠራው? አንዱ በቅሬ ነው። ሌላው አገር እድር የሚለውን እኛ ቅሬ እንለዋለን። የሰፈሩ ሙስሊምና ክርስቲያን በአንድ ቅሬ ይታቀፋል፣ መዋጮውን ያዋጣል፣ ሲሞት አንዱ የሌላውን መቃብር ይቆፍራል። ቀብር የቀረ ይቀጣል። ፍቅር ብቻውን ቢበቃ ኖሮ ቅጣት ባላስፈለገ።

ልጄን ስድር የሆነውን ላጫውታችሁ። ከሠርጉ ዋዜማ ጀምሮ ጎረቤታችን ሐጂ የራሳቸውን ቢላ ይዘው መጥተው ለሙስሊም እንግዶች የሚሆነውን በግ ባረኩ። ከጓሮ ሁለት ጉልቻ ተጎለተ። የእስላም ወጥ በሚሠራበት በኩል ያሉት ድስቶች ጆሮ ላይ ሴቶቹ ቀይ ክር አሰሩ፤ ጭልፋዎቹም እንዳይምታቱ እንዲሁ። ባለቤቴ ሽንኩርት ስታቀብል እንኳ መክተፊያው ለየብቻ ነበር። እንግዳው ዳስ ውስጥ ጎን ለጎን ተቀምጦ ሁለት ዓይነት ወጥ በላ። ከከተማ ውጭ የመጡ ዘመዶቻችን «እናንተ እኮ አትለያዩም» እያሉ ሲያደንቁ ያቺን ቀይ ክር አላዩም። ያለ እሷ አንድ ዳስ አይሆንም ነበር።

ስም ሰምቶ ሃይማኖት መገመትም ተዉ። ክፍል ውስጥ ስም ስጠራ ልጁ በአንዱ ሃይማኖት ስም፣ አባቱ በሌላው የሚጠራ ተማሪ በየዓመቱ ነበረኝ።

«ወሎ የረሃብ አገር ነው፤ መሬቱ የተረገመ ነው።» ይህን ስሰማ ድካም ይሰማኛል። ዓለም በጥቅምት 1977 ዓ.ም. በቴሌቪዥን ያየው የኮረም መጠለያ ነው፤ ኮረም ያኔ በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር ብትሆንም ከዋና ከተማው ከደሴ በስተሰሜን ብዙ ርቃ ነው ያለችው። የ1965ቱን ረሃብ ግን በዓይኔ አይቻለሁ። ጎረምሳ ነበርኩ። ከሰሜን የመጡ ገበሬዎች ዋናው መንገድ ዳር ተደርድረው አውቶቡስ ያስቆሙ ነበር። አባቴ ሰኞ ገበያ እህል ይነግዱ ነበርና አንድ ነገር አውቃለሁ፤ ጤፉ ነበር። በደሴ ገበያ ዋጋው ያን ያህል አልናረም፤ ከወሎ ወደ አዲስ አበባና ወደ አስመራ እህል ሲጫንም ነበር። የጠፋው ገበሬው እጅ ላይ የሚገዛበት ገንዘብ ነው። ሰብሉ ጠፍቶበት፣ በሬው አልቆበት፣ በምን ይግዛ? መንግሥት ደግሞ ነገሩን ደበቀ፤ የዩኒቨርሲቲ መምህራን መጥተው ፎቶ አንሥተው አዲስ አበባ ላይ እስኪያሳዩ ድረስ አደባባይ አልወጣም። መሬትን መርገም ይህን ሁሉ ከተጠያቂነት ነፃ ማውጣት ነው።

«ኮምቦልቻ የደሴ ሰፈር ናት።» የኮምቦልቻ ሰው ፊት እንዳትሉት። የራሷ አስተዳደር፣ የራሷ ፋብሪካዎች፣ አውሮፕላን ማረፊያም ያላት ከተማ ናት፤ ወደ ደሴ በአየር የሚመጣ ሰው የሚያርፈው እዚያ ነው። የአሰብ መንገድም ከአዲስ አበባ–አስመራው የሚገነጠለው እዚያው ነው። ዕቃ የምትልኩ ደግሞ «ወሎ ኮምቦልቻ» ብላችሁ ጻፉ፤ ሐረር አጠገብ ሌላ ኮምቦልቻ አለ።

ልጅ ያላችሁ፣ ልጆቻችሁን መጀመሪያ አይጠየፍ፣ ቀጥሎ ቦሩ ሜዳ ውሰዷቸው። ሁለቱንም በአንድ ቀን ማየት ይቻላል፤ በጠዋት ከጀመራችሁ ለምሳ ቤታችሁ ትደርሳላችሁ። መምህራን፣ ተማሪውን ነገሥታቱን ብቻ አታስሸምድዱት፤ የሰፈሩን ስም ከየት እንደመጣ ጠይቆ እንዲመጣ አድርጉት። አያት ያላችሁ ዛሬውኑ ስልካችሁን ከፍታችሁ ቅዱ። «ጣሊያን ምን ሠራ?» ብላችሁ አትጀምሩ፤ ሽማግሌ በጠየቃችሁት በኩል ነው የሚመልስላችሁ። «ያኔ ማን ምን ይሠራ ነበር? ደሞዙ ስንት ነበር? ማን ተጎዳ?» በሉ። አያት የሌላችሁ ደግሞ የሰፈራችሁ ቅሬ በሚሰበሰብበት ጠዋት ሂዱ። መዋጮው ተከፍሎ፣ ቀሪው ተቆጥሮ ሲያበቃ ትልልቆቹ ቶሎ አይነሡም፤ ፀሐይ ወዳለበት ጥግ ይጠጋሉ። ያኔ አጠገባቸው ቁጭ በሉ፤ ጋቢ ግን ደርቡ።