መኪና ገዝቶ በስም ማዞር፦ ቀረጥ፣ ታክስና የምዝገባ ክፍያ በኢትዮጵያ

ኢትዮጵያ ውስጥ የመኪና ዋጋ የሚወሰነው ሁለት ጊዜ ነው። አንዴ ፋብሪካው ባለበት አገር፣ አንዴ ደግሞ ጉምሩክ ላይ። ለረዥም ዘመን ሁለተኛው ከመጀመሪያው ይበልጥ ነበር። ጉምሩክ ካለፈም በኋላ ወጪው አያልቅም። ሰሌዳ አለ፣ ሊብሬ (የመኪናው የባለቤትነት ደብተር) አለ፣ የሦስተኛ ወገን መድን አለ፣ ቦሎ (የዓመታዊ ምርመራ ምልክት) አለ። መኪናው እጅ ሲቀይር ደግሞ ስም ማዛወሪያ አለ። ይህ ዳሰሳ ክፍያዎቹን ከወደብ እስከ ውልና ማስረጃ (ውል የሚረጋገጥበት መሥሪያ ቤት) በቅደም ተከተል ይዘረዝራል።

መኪና ኢትዮጵያ የገባው በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን ነው። በ1900 ዓ.ም. ቤድ ቤንትሊ የተባለ እንግሊዛዊ ሲድሊ የምትባል መኪና በጅቡቲ በኩል አዲስ አበባ አደረሰ። በንጉሡና በደርግ ዘመን መኪና የጥቂቶች ሀብት ሆኖ ቆየ። አሁን የምናውቀው የታክስ አደራረብ ቅርጹን የያዘው ግን በ1990ዎቹ ነው።

ታክስ በታክስ ላይ

ሁለት አዋጆች መሠረቱን ጣሉ። የተጨማሪ እሴት ታክስ አዋጅ ቁጥር 285/1994 የቀድሞውን የሽያጭ ታክስ ተክቶ 15 በመቶ አመጣ። የኤክሳይስ ታክስ (በተመረጡ ዕቃዎች ላይ የሚጣል ታክስ) አዋጅ ቁጥር 307/1995 ደግሞ መኪናን በሞተር መጠን (በሲሲ) ከፋፈለ። እስከ 1300 ሲሲ 30 በመቶ፣ ከ1301 እስከ 1800 ሲሲ 60 በመቶ፣ ከ1800 በላይ 100 በመቶ። በ1999 ዓ.ም. በደንብ ቁጥር 133 የ10 በመቶ ሱር ታክስ (በታክሱ ላይ የሚደረብ ተጨማሪ ታክስ) ተጨመረ። ሱር ታክሱ የመጣው የከተማ ድሃውን የስንዴ ድጎማ ለመሸፈን ነው ይባላል። ለቤት መኪና የሚከፈለው የጉምሩክ ቀረጥ 35 በመቶ ነበር። በዚህ ላይ 3 በመቶ ቅድመ ግብር አለ። ቅድመ ግብሩ ለነጋዴ በዓመቱ ግብር ይቀናነስለታል፤ ለራሱ ለሚያስመጣ ሰው ግን ያው ወጪ ነው።

እነዚህን ቁጥሮች ደምሮ «ለትልቅ ሞተር ታክሱ 163 በመቶ ነው» የሚል ሰው አይጠፋም። ሒሳቡ እንዲህ አይደለም። እያንዳንዱ ታክስ የሚሰላው ከፊቱ የተከፈለው ተደምሮበት ነው። ለምሳሌ የመግዣ ዋጋው፣ ኢንሹራንሱና የመርከብ ኪራዩ ተደምሮ 500,000 ብር የተያዘ፣ ከ1800 ሲሲ በላይ የሆነ መኪና እንውሰድ። ቀረጡ 175,000 ብር ነው፤ ድምሩ 675,000 ይሆናል። ኤክሳይሱ የሚሰላው በዚህ በ675,000 ላይ ስለሆነ ሌላ 675,000 ይጨምራል። 1,350,000 ደረስን። ተጨማሪ እሴት ታክሱ 202,500 ብር ነው። ሱር ታክሱ ይህንንም አካትቶ 155,250 ብር ይሆናል። ቅድመ ግብሩ ብቻ ወደ መጀመሪያው ዋጋ ይመለስና 15,000 ብር ያስከፍላል። በአጠቃላይ መንግሥት የሚወስደው 1,222,750 ብር ነው፤ ከመኪናው ዋጋ 244 በመቶ በላይ ማለት ነው። በዚሁ ስሌት መካከለኛው ሞተር 176 በመቶ፣ ትንሹ 125 በመቶ ገደማ ይከፍል ነበር።

በከተማችን ጎዳና ላይ የሚታየውን የመኪና ዓይነት የወሰነው ይህ ስሌት ነው። ቪትዝ የበዛችው ስላማረች ብቻ አይደለም፤ ሞተሯ ከ1300 ሲሲ በታች ስለሆነ ነው። ኤክሳይሱ አዲስና አሮጌ አይለይም ነበር። አሮጌ መኪና መግዣው ርካሽ ነው፤ በአገልግሎት ዘመኑ ልክም ለቀረጥ የሚያዝለት ዋጋ ዝቅ ይል ነበር። ስለዚህ አስመጪው ከዱባይና ከአውሮፓ ያገለገለ ያመጣ ነበር፤ ገዢውም አሥራ አምስት ዓመት የሠራ ኮሮላ በአዲስ መኪና ዋጋ ይገዛ ነበር። ይህ በግልጽ መነገር አለበት። አገሪቱ ለዓመታት ንጹሕና ደኅንነቱ የተጠበቀ መኪና የሚነዳን ሰው የበለጠ ስታስከፍል ኖራለች።

የዋጋ አያያዝ

ከመቶኛው እኩል የሚያከራክረው መነሻ ዋጋው ነው። አስመጪው ኢንቮይስ (የግዢ ደረሰኝ) ያቀርባል፤ ትራንዚተሩ (የጉምሩክ ጉዳይ አስፈጻሚው) ዲክላራሲዮን፣ ማለትም የጉምሩክ መግለጫ፣ ይሞላል። ጉምሩክ ደግሞ ሞዴሉን፣ የተመረተበትን ዘመንና የሞተሩን መጠን አይቶ ከራሱ የዋጋ መረጃ ጋር ያመሳክራል። ኢንቮይሱ ዝቅ ብሎ ከተገኘ በጉምሩክ ዋጋ ይሰላል። አስመጪዎች «የከፈልነውን አያምኑንም» ብለው ያማርራሉ። እውነት አላቸው የሚባልበት ጊዜ አለ። ግን በሐሰተኛ ኢንቮይስ ብዛት የጉምሩክ ባለሙያ ጠርጣራ ቢሆን አይፈረድበትም። በሞጆና በቃሊቲ ቀን ከሌት ፋይል የሚያገላብጡት ሰዎች ሥራ ከሚባለው በላይ ከባድ ነው።

የምንዛሪ ነገርም እዚሁ ይገባል። ቀረጡ የሚሰላው የውጭ ዋጋው ወደ ብር ተመንዝሮ ነው። በጥቅምት 2010 ብር በ15 በመቶ ሲዳከም አንድም የታክስ መቶኛ አልተነካም፤ የሚከፈለው ብር ግን ጨመረ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ምንዛሪው በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ ደግሞ 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር አለፈ። ቀረጡም አብሮ ወጣ።

የ2012 ለውጥ

የካቲት 5 ቀን 2012 ምክር ቤቱ የኤክሳይስ ታክስ አዋጅ ቁጥር 1186/2012ን አጸደቀ። አዲስ ሆኖ ከ1300 ሲሲ የማይበልጥ መኪና ኤክሳይሱ ከ30 ወደ 5 በመቶ ወረደ። የሌሎቹ አዳዲስ መኪኖች 60 እና 100 በመቶ ባለበት ቀረ። ያገለገለ መኪና ላይ ግን ዕድሜ በጨመረ ቁጥር ኤክሳይሱ እየናረ እስከ 500 በመቶ እንዲደርስ ተደረገ። ቀረጡን 35 በመቶ አድርገን ያንኑ 500,000 ብር ብንወስድ፣ ለአዲስና ትንሽ ሞተር አጠቃላይ ክፍያው ከ625,000 ገደማ ወደ 411,000 ገደማ ይወርዳል። ሕጉ በቀጥታ አሮጌ መኪና አታስገቡ አላለም፤ ግን የሚያዋጣ እንዳይሆን አደረገው።

ከአዋጁ በፊት የተገዙና መንገድ ላይ የነበሩ መኪኖች ጉዳይ አስመጪውን አስጮኸ። ገበያው ደግሞ በማግስቱ ተተኮሰ። ቀደም ብለው ገብተው በየጋራዡና በየመሸጫው የቆሙ መኪኖች አዲሱን ኤክሳይስ ሳይከፍሉ ዋጋቸው ተሰቀለ። በ2014 ዓ.ም. ለማኅበራዊ ጉዳዮች ተብሎ በገቢ ዕቃ ላይ የሚጣል የ3 በመቶ ቀረጥ ተጨመረ።

ኤሌክትሪክ መኪና

በ2014 ዓ.ም. መጨረሻ የገንዘብ ሚኒስቴር ኤሌክትሪክ መኪናን ከተጨማሪ እሴት ታክስ፣ ከኤክሳይስና ከሱር ታክስ ነፃ አደረገ። የጉምሩክ ቀረጡም ሙሉ በሙሉ ተበትኖ ለሚገባ ዜሮ፣ በከፊል ለተገጣጠመ 5 በመቶ፣ ተገጣጥሞ ላለቀ 15 በመቶ ሆነ። በዚህ መመሪያ 500,000 ብር የተያዘ፣ ተገጣጥሞ ያለቀ ኤሌክትሪክ መኪና 75,000 ብር ቀረጥ ይከፍል ነበር። ትልቅ ሞተር ያለው የቤንዚን ወንድሙ ከ1.2 ሚሊዮን በላይ ይከፍል እንደነበር ልብ ይሏል።

በጥር 2016 የትራንስፖርትና ሎጂስቲክስ ሚኒስትሩ ዓለሙ ስሜ ኤሌክትሪክ ያልሆነ የቤት መኪና ወደ አገር እንዳይገባ መከልከሉን አስታወቁ። ኢትዮጵያ በዚህ ዓይነት ክልከላ ከዓለም ቀዳሚ ሆነች። ለነዳጅ የሚወጣው የውጭ ምንዛሪ አስጨናቂ ነበር፤ የራሳችን ኃይል ደግሞ ከውኃ የሚገኝ ነው። ጳጉሜን 4 ቀን 2017 የህዳሴው ግድብ ሲመረቅ የውሳኔው ትርጉም ይበልጥ ገባን። መንግሥት ከ100,000 በላይ ኤሌክትሪክ መኪኖች እንደገቡ ይገልጻል። የመለዋወጫ፣ የባትሪና ከአዲስ አበባ ውጭ የቻርጅ ማድረጊያ እጥረት አለ የሚሉ አሉ፤ ጊዜ የሚፈታው ነው።

ከቀረጥ ነፃ

ዲፕሎማቶች፣ የዓለም አቀፍ ድርጅቶች፣ አካል ጉዳተኞች፣ የተወሰኑ ባለሀብቶች፣ በየጊዜው በወጡ መመሪያዎች ደግሞ ከውጭ ጠቅልለው የሚመለሱ ኢትዮጵያውያን መኪና ያለ ቀረጥ በማስገባት መብት ተጠቅመዋል። በ2008 ዓ.ም. አካባቢ በማኅበር የተደራጁ ባለታክሲዎችም በዚሁ መንገድ ሜትር ታክሲ አስገብተዋል። መብቱ የሰውየው ወይም የሥራው እንጂ የመኪናው አይደለም። መብቱ ለሌለው ሰው ሲሸጥ ያልተከፈለው ቀረጥ ይጠየቃል። ገበያ ላይ ከእኩዮቹ ወርዶ የሚጠራ መኪና ሲገኝ መጀመሪያ የሚታየው ይኸው ነው።

ሰሌዳ፣ ሊብሬ፣ ቦሎ

ምዝገባው የሚመራው በአዋጅ ቁጥር 681/2002 ነው። ዲክላራሲዮኑና የቀረጥ ደረሰኙ ወደ መንገድ ትራንስፖርት ይሄዳሉ። ባለሙያው የሻንሲና የሞተር ቁጥሩን መኪናው ላይ ካለው ጋር ያመሳክራል፤ ከዚያ ሰሌዳና ሊብሬ ይሰጣል። በለመድነው አሠራር ኮድ 1 ታክሲ፣ ኮድ 2 የቤት፣ ኮድ 3 የንግድ፣ ኮድ 4 የመንግሥት ነው። የአገልግሎት ክፍያዎቹ ከቀረጡ አንጻር ትንሽ ናቸው፤ ከክልል ክልልም ይለያያሉ።

በየዓመቱ ምርመራ ታልፎ ቦሎ ይለጠፋል። የሦስተኛ ወገን መድን በአዋጅ ቁጥር 799/2005 ግዴታ ነው። ያልተከፈለ የትራፊክ ቅጣት ካለ ቦሎ ሊወሰድ ሲኬድ ብቅ ይላል።

ስም ማዛወር

ብዙ ሰው የሚገዛው ከአስመጪ ሳይሆን ከሌላ ሰው ነው። ሻጭና ገዢ ውልና ማስረጃ ቀርበው ይፈራረማሉ። ሻጩ ባለትዳር ከሆነ የትዳር ጓደኛው ፊርማ ያስፈልጋል፤ የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ አንቀጽ 68 ከ500 ብር በላይ የሆነ የጋራ ንብረት ያለ ሁለቱ ስምምነት እንዳይሸጥ ይላል። ያላገባ ደግሞ ያላገባ ማስረጃ ያመጣል። በዚህ ወረቀት ምክንያት ቀጠሮ የፈረሰበት፣ ገዢ ብሩን ይዞ የተመለሰበት ጊዜ ስንት ነው!

ከክፍያዎቹ ትልቁ የቴምብር ቀረጥ ነው። በአዋጅ ቁጥር 110/1990 የባለቤትነት ማስተላለፊያ ሰነድ 2 በመቶ ይከፈልበታል። ለሁለት ሚሊዮን ብር መኪና 40,000 ብር ነው። ይህን ለማሳነስ ውሉ ላይ ዝቅ ያለ ዋጋ የሚጽፉ አሉ። መሥሪያ ቤቱ በራሱ ግምት ሲያስከፍል ጥቅም የለውም፤ ነገር ቢበላሽና ፍርድ ቤት ቢኬድ ደግሞ ገዢው በእጁ ያለው ማስረጃ የተጻፈው ዋጋ ብቻ ነው። ደላላው «ስም ማዛወሪያ በገዢ ነው» ሲል ቴምብሩን፣ የአገልግሎት ክፍያውንና ሩጫውን ሁሉ ማለቱ ነው። የራሱ ኮሚሽን ለብቻው ነው።

ሌላው ልማድ በውክልና መግዛት ነው። ሻጩ ሙሉ ውክልና ይሰጣል፤ ሊብሬው በእሱ ስም እንዳለ ይቀራል፤ ገዢው ቴምብር ሳይከፍል ይነዳል። ውክልና ግን ሊሻር ይችላል፤ ወካዩ ሲሞትም ይቀራል፤ በሻጩ ዕዳ የተነሳ በመኪናው ላይ እግድ ሊወጣ ይችላል። ለሻጩም አይበጅም። በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2081 መኪና ለሚያደርሰው ጉዳት ተጠያቂው ባለቤቱ ነው። አደጋ ሲደርስ ፖሊስም ተጎጂም የሚፈልጉት ሊብሬው ላይ ስሙ ያለውን ሰው ነው። ሻጩ ድሮ ሸጫለሁ ቢል የማስረዳቱ ሸክም የእሱ ይሆናል።

ስለዚህ ከቀብድ በፊት መኪናው ፋይሉ ባለበት ቅርንጫፍ ሄዶ ከዕዳና ከእገዳ ነፃ መሆኑን ማረጋገጥ፣ ሊብሬው ከቀረጥ ነፃ የሚል እንዳለበት ማየት፣ የሻንሲ ቁጥሩን በዓይን ማመሳከር ያስፈልጋል። ፋይሉ ክልል ያለ መኪና ከሆነ ደግሞ የፋይል ዝውውሩን ማን እንደሚጨርስና ማን እንደሚከፍል ውሉ ላይ በጽሑፍ ይቀመጥ።