የመሬት ክርክር ይግባኝና የጊዜ ገደቡ በኢትዮጵያ

በኢትዮጵያ የመሬት ክርክር ይግባኝ የሚመራው በአንድ ሕግ ብቻ አይደለም። ባለጉዳዩ በወሰን ከጎረቤቱ ጋር የሚሟገት አርሶ አደር ነው ወይስ ይዞታውን ለሕዝብ ጥቅም እንዲለቅ የታዘዘ የከተማ ነዋሪ የሚለው ጥያቄ፣ ይግባኙ ለማን እንደሚቀርብ ብቻ ሳይሆን የጊዜ ገደቡ ከየትኛው ቀን አንሥቶ እንደሚቆጠርም ይወስናል። በአሠራር ብዙ ሰው መብቱን የሚያጣው በዚህ በሁለተኛው ነጥብ ላይ ነው።

መደበኛው መንገድ በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ነው። በቁጥር 323 መሠረት ይግባኝ የሚቀርበው ፍርዱ በተሰጠ በ60 ቀን ውስጥ ሲሆን፣ ቆጠራው የሚጀምረው ፍርዱ ከተሰጠበት ዕለት እንጂ ግልባጩ ባለጉዳዩ እጅ ከገባበት ዕለት አይደለም። ይሁን እንጂ ይግባኝ ባዩ የፍርዱን ግልባጭ ከአቤቱታው ጋር ማያያዝ ስላለበት፣ ግልባጩ ተገልብጦና ማኅተም አርፎበት እስኪወጣ ድረስ በመዝገብ ቤት የሚባክነው ጊዜ የሚቀነሰው ከእሱው ቀናት ላይ ነው። ጊዜው ካለፈ የሚቀረው የይግባኝ ማስፈቀጃ አቤቱታ ነው፤ ፍርድ ቤቱም የሚፈቅደው የዘገየበትን በቂ ምክንያት ሲያስረዳ ብቻ ነው። ቁጥር 326 የጠበቃ ወይም የወኪል ጥፋት በቂ ምክንያት እንደማይሆን ይደነግጋል። ድንጋጌው ክርክር ማለቂያ እንዲኖረው ያሰበ ቢሆንም፣ ጉዳዩን ሙሉ በሙሉ ለጠበቃው ጥሎ ወደ ገጠር ለተመለሰ ባለጉዳይ እጅግ ጥብቅ ነው።

የገጠር መሬት ክርክር ግን ብዙውን ጊዜ ወደ ፍርድ ቤት ከመድረሱ በፊት በሽማግሌዎች በኩል ያልፋል። በ1999 ዓ.ም. የወጣው የኦሮሚያ ክልል የገጠር መሬት አጠቃቀምና አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 130 ለዚህ ጥሩ ማሳያ ነው። በዚህ አዋጅ አቤቱታው መጀመሪያ ለቀበሌው አስተዳደር ይቀርባል፤ ተከራካሪዎቹ እያንዳንዳቸው ሁለት ሁለት ሽማግሌ ይመርጣሉ፤ ሽማግሌዎቹም ውጤቱን በ15 ቀን ውስጥ ለቀበሌው ያሳውቃሉ። ቅር የተሰኘው ወገን በ30 ቀን ውስጥ ወደ ወረዳ ፍርድ ቤት መሄድ ይችላል፤ በማኅተም የተረጋገጠውን የሽማግሌዎች ውጤት ካልያዘ ግን ፍርድ ቤቱ አይቀበለውም። እዚህ ላይ የቀበሌው ጽሕፈት ቤት ሚና ከቀላል የጽሕፈት ሥራ ይበልጣል፤ ማኅተሙን የሚያዘገይ ሠራተኛ ሳያስበውም ቢሆን የፍርድ ቤቱን በር እየዘጋ ነውና።

ለሕዝብ ጥቅም በሚለቀቅ መሬት ላይ በ1997 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 455 መሬቱን ያላስረከበ ባለይዞታ ያቀረበውን ይግባኝ አያስተናግድም ነበር። ቤቱ ከፈረሰና ተክሉ ከተነቀለ በኋላ የካሳውን ግምት መቃወም ማለት ማስረጃው በጠፋበት መከራከር ማለት ነው። አዋጁን የተካው በ2011 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 1161 ቅሬታ ሰሚ አካልና ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ እንዲቋቋሙ ደነገገ። ቅሬታ ለማቅረብ 30 ቀን፣ ወደ ጉባኤው ይግባኝ ለማለት 30 ቀን፣ ከዚያም ወደ ፍርድ ቤት ለመሄድ ሌላ 30 ቀን ይሰጣል። ዋናው ነጥብ መሬቱን የማስለቀቂያ ትእዛዙ ለባለይዞታው በአግባቡ መድረሱ ነው፤ መቼና እንዴት እንደደረሰው የሚያሳይ ፊርማ ወይም ሌላ ማስረጃ ከሌለ የቀኑ ቆጠራ ራሱ ሌላ ክርክር ይሆናል።

ይግባኝ ማቅረብ በራሱ የፍርድ አፈጻጸምን አያቆምም። ይግባኝ ባዩ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 332 መሠረት የዕግድ ትእዛዝ ካላስወጣ፣ ክርክሩ ገና በሂደት ላይ ሳለ መሬቱ ለረቺው ሊተላለፍና ሊታረስ ይችላል። መጥሪያ ሳይደርሰው በሌለበት የተፈረደበት ሰው ፍርዱን ባወቀ በአንድ ወር ውስጥ እንዲነሣለት በዚሁ ሕግ ቁጥር 78 ማመልከት ይችላል። የክርክሩ ተካፋይ መሆን ሲገባው ያልተጠራው ሰው፣ ለምሳሌ በይዞታ ማረጋገጫ ደብተሩ ላይ ስሟ እያለ ባሏ ብቻ የተከሰሰባት ሚስት፣ በቁጥር 358 የመቃወሚያ አቤቱታ ማቅረብ ትችላለች። ለዚህ አቤቱታ ሕጉ የወሰነው የቀን ቁጥር የለም፤ ወሰኑ የፍርዱ መፈጸም ነው። ስለዚህ አስቀድሞ ዕግድ ማስወጣት ለእሷም እንደ ይግባኝ ባዩ አስፈላጊ ነው።