ክሬያቲኒን «ኖርማል ነው» ማለት ምን ማለት ነው?

ሰሞኑን ደግሞ አንዱ «ክሬያቲኒንህ ከ1.3 በታች ከሆነ ኩላሊትህ ሰላም ነው፣ አርፈህ ተኛ» ብሎ ሲመክር አየሁ። እርግጠኝነቱ ይገርማል! እዚህ ሐዋሳ ላቦራቶሪ ውስጥ ስለምሠራ፣ ይህንኑ ሰምተው ወረቀታቸውን ቦርሳ ውስጥ ከተው ደስ ብሏቸው የሚሄዱ እናቶችን አያለሁ። ደሜ ይፈላል።

ክሬያቲኒን ጡንቻ የሚያመነጨው ቆሻሻ ነው፤ ኩላሊት ያስወግደዋል፣ እኛ የምንለካው ደም ውስጥ የቀረውን ነው። በር ላይ የተከመረ ቆሻሻ በሉት። ልጆች የሞሉበት ቤት በርና አንዲት አሮጊት ብቻቸውን በሚኖሩበት ቤት በር ላይ እኩል ክምር ካያችሁ፣ ቆሻሻ አንሺዎቹ የዘገዩት በየትኛው ቤት ነው? በአሮጊቷ፤ እሳቸው እኮ የሚጥሉት ትንሽ ነው።

ወደ ቁጥር እንምጣ (ክሬያቲኒኑን በሚሊ ግራም በዴሲ ሊትር፣ mg/dL፣ ነው የምጠቅሰው)። 1.2 የወጣለት የ25 ዓመት ወንድ፣ እ.ኤ.አ. በ2021 በተሻሻለው ቀመር ጂ ኤፍ አሩ (ከክሬያቲኒን፣ ከዕድሜና ከጾታ ተሰልቶ ኩላሊት ምን ያህል እያጣራ እንደሆነ የሚገምተው ቁጥር) 86 አካባቢ ነው። ያው 1.2 የወጣላቸው የ70 ዓመት እናት ግን 49 አካባቢ ናቸው። ጂ ኤፍ አር ከ60 በታች ሆኖ ከ3 ወር በላይ ከቆየ ሥር የሰደደ የኩላሊት በሽታ ይባላል። ለወንድም ለሴትም አንድ መደበኛ ልክ የሚያትም ላቦራቶሪ ከሆነ ግን የእናታችን ወረቀት ላይ ምንም ምልክት አይኖርም።

3 ወር የተባለውም በምክንያት ነው። 1.5 ስላየ ብቻ ስለ ዲያሊሲስ ዋጋ የሚጠይቅ ሰው አለ፤ ኧረ ቀስ! ተቅማጥ ይዞት ሰውነቱ ደርቆ ይሆናል፣ ዲክሎፌናክ የሚባለውን የሕመም ማስታገሻ ሲውጥ ሰንብቶ ይሆናል (ይሄኛው በእርግጥ ራሱ ኩላሊት ይጎዳል)፣ ወይም ትናንት እዚሁ ሐዋሳ አሞራ ገደል ዓሣውን ጠግቦ መጥቶ ይሆናል፤ የበሰለ ዓሣና ሥጋም ቁጥሩን ለጊዜው ከፍ ያደርጋል። ኮትሪሞክሳዞል የሚባለው አንቲባዮቲክም ኩላሊቱ ሳይጎዳ ቁጥሩን ከፍ ሊያደርገው ይችላል።

አንሺዎቹ በሰዓቱ እየመጡ ከቆሻሻው ጋር የቤት ዕቃ እየወሰዱስ ቢሆን? ክምሩን አይታችሁ አታውቁትም። ኩላሊት ሲጎዳ አልቡሚን የሚባለው ፕሮቲን በሽንት ያልፋል፤ ክሬያቲኒን ምንም ሳይል ማለት ነው። ስለዚህ ስኳር ወይም ደም ግፊት ያለበት ሰው የሽንት አልቡሚን ያሠራ። ሽንት ውስጥ የሚነከረው ተራው የመመርመሪያ ወረቀት ትንሹን መጠን ሊያልፈው ስለሚችል፣ አልቡሚኑን ከሽንት ክሬያቲኒን ጋር የሚያነጻጽረውን ምርመራ ጠይቁ። «ወገቤን አያመኝም» ማስረጃ አይደለም፤ ይህ በሽታ ብዙውን ጊዜ እስኪገፋ ድረስ አያምም።

ከቻላችሁ ደግሞ አንድ ቦታ ተመርመሩ፣ የመለኪያው ዘዴ ከላቦራቶሪ ላቦራቶሪ ይለያያልና። የድሮውንም ወረቀት አትጣሉት። በዓመት ውስጥ ከ0.7 ወደ 1.1 የወጣ ሰው ሁለቱም ወረቀቱ «ኖርማል» ሊል ይችላል፤ ሐኪሙ ነገሩን የሚይዘው ሁለቱን ጎን ለጎን ሲያይ ነው።